የመንግሥት ታብሌቶችን ከአላስፈላጊ ጨዋታዎች ማጽዳት፦ በቅድሚያ መረጃውን መላክ

ሀዋሳ፦ ስሙን ከታቦር ተራራ ጋር የሚጋራው ታቦር ክፍለ ከተማ በሲዳማ ክልል ርዕሰ ከተማ በሀዋሳ ከሚገኙት ስምንት ክፍለ ከተሞች አንዱ ነው። በእንዲህ ያለው ክፍለ ከተማ ቤት ለቤት እየተዘዋወረ መረጃ የሚሰበስብ ሠራተኛ እንደ ቀድሞው ዘመን የወረቀት መዝገብ በብብቱ ይዞ ሳይሆን ታብሌት በቦርሳው አንግቶ የሚንቀሳቀስበት ጊዜ ላይ ተደርሷል። የቤተሰቡን አባላት ብዛት፣ ዕድሜ፣ የትምህርትና የጤና ሁኔታ እየጠየቀ በጣቱ ይመዘግባል።

ሥራው በዚህ መልክ እየተከናወነ ሳለ በታብሌቱ መስታወት ላይ «የማከማቻ ቦታ ሞልቷል» የሚል ማሳሰቢያ ብቅ ሊል ይችላል። በዚህን ጊዜ የተሞላው ቅጽ አይቀመጥም፤ ፎቶግራፍ አይነሳም፤ የሥራ ፕሮግራሙም በመካከል ሊዘጋ ይችላል። ለጥያቄው ጊዜዋን ሰውታ የመለሰችው እናትም ሌላ ቀን እንደገና እንድትጠየቅ ትገደዳለች።

የመሙላቱ ምክንያት ሲፈተሽ አብዛኛውን ጊዜ የሚገኘው የሥራው መረጃ ብዛት አይደለም። ቦታውን የያዙት ከፋብሪካው ከመሣሪያው ጋር አብረው የመጡ፣ ወይም በቤት ውስጥ በልጆች የተጫኑ፣ ወይም ከጓደኛ ወደ ጓደኛ የተላለፉ ጨዋታዎች፣ ፊልሞችና ሙዚቃዎች ሆነው ይገኛሉ። መፍትሔው ቀላል ይመስላል። አላስፈላጊ የሆነውን ማጥፋት ነው። ይሁን እንጂ ይህ ቀላል የሚመስለው ሥራ ያለ ቅደም ተከተል ከተፈጸመ ከጨዋታው ጋር የሕዝብ መረጃም አብሮ ሊጠፋ ይችላል። በመሆኑም የመንግሥት ታብሌት የተሰጣቸው ሠራተኞችም ሆኑ መሣሪያዎቹን በበላይነት የሚያስተዳድሩ ኃላፊዎች አሠራሩን በሚገባ ሊረዱት ይገባል።

ከወረቀት መጠይቅ ወደ ታብሌት

በኢትዮጵያ ቤት ለቤት እየተዘዋወሩ መረጃ መሰብሰብ አዲስ ተግባር አይደለም። የመጀመሪያው አገር አቀፍ የሕዝብና ቤት ቆጠራ በ1976 ዓ.ም.፣ ሁለተኛው በ1987 ዓ.ም.፣ ሦስተኛው ደግሞ በ1999 ዓ.ም. ተካሂደዋል። ሦስተኛው ቆጠራ በአፋርና በሶማሌ ክልሎች የተጠናቀቀው በ2000 ዓ.ም. ሲሆን፣ የአገሪቱ ሕዝብ ብዛት ወደ 73 ነጥብ 9 ሚሊዮን መድረሱን አሳይቷል። ሦስቱም ቆጠራዎች የተከናወኑት በወረቀት መጠይቅ ነበር።

የወረቀት መጠይቅ ችግሮች የታወቁ ናቸው። በዝናብ ይበላሻል፤ ለማጓጓዝ ይከብዳል፤ ወደ ማዕከል ከደረሰ በኋላም ወደ ኮምፒዩተር እስኪገባ ረጅም ጊዜ ይወስዳል። ይህም ሆኖ ወረቀት አንድ በጎ ጎን ነበረው። ጨዋታ አይጫንበትም፤ የተሞላው መጠይቅም በአንድ የጣት ንክኪ ከመዝገቡ አይሰወርም።

በታብሌት የመጠቀሙ ልምድ ከጊዜ ወደ ጊዜ እየሰፋ መጥቷል። በወቅቱ ማዕከላዊ ስታቲስቲክስ ኤጀንሲ ይባል የነበረው ተቋም በ2008 ዓ.ም. ባካሄደው የሥነ ሕዝብና ጤና ጥናት 16 ሺህ 650 ቤተሰቦች የተጠየቁ ሲሆን፣ ጠያቂዎቹ መልሱን የመዘገቡት በታብሌት ነበር። የተሞሉት መጠይቆችም ከጠያቂዎቹ ወደ ተቆጣጣሪዎቻቸው በብሉቱዝ ይተላለፉ ነበር። ኤጀንሲው በአሁኑ ወቅት የኢትዮጵያ ስታቲስቲክስ አገልግሎት በመባል ይታወቃል።

ለአራተኛው የሕዝብና ቤት ቆጠራም ከመቶ ሺህ በላይ ታብሌቶች ተዘጋጅተው እንደነበር ይታወሳል። በሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 103 መሠረት ቆጠራው በየአሥር ዓመቱ መካሄድ ያለበት ሲሆን፣ የሕዝብ ተወካዮች ምክር ቤትና የፌዴሬሽን ምክር ቤት በሰኔ 2011 ዓ.ም. ባካሄዱት የጋራ ስብሰባ በአንድ ዓመት እንዲራዘም ወስነዋል።

በጤናው ዘርፍ ደግሞ እ.ኤ.አ. በ2003 የተጀመረው የጤና ኤክስቴንሽን ፕሮግራም ለረጅም ጊዜ ሲጠቀምበት የቆየውን የቤተሰብ ፎልደር ወደ ኤሌክትሮኒክ የማኅበረሰብ ጤና መረጃ ሥርዓት ለማሸጋገር ሥራ ተጀምሯል። በዚህ ሥርዓት የጤና ኤክስቴንሽን ባለሙያዋ የቤተሰቡን መረጃ፣ የነፍሰ ጡር እናቶችን ክትትልና የሕፃናትን ክትባት በታብሌት ትመዘግባለች። ሥርዓቱ ኢንተርኔት በሌለበት ቦታም እንዲሠራ ታስቦ የተዘጋጀ በመሆኑ መረጃው በመሣሪያው ውስጥ ተቀምጦ ይቆይና ኔትወርክ ሲገኝ ወደ ማዕከል ይላካል።

የጉዳዩ ቁልፍ ነጥብ የሚገኘው እዚህ ላይ ነው። መረጃው ከተመዘገበበት ሰዓት አንስቶ ወደ ማዕከል እስከሚላክበት ሰዓት ድረስ በዓለም ላይ ያለው ብቸኛ ቅጂ በታብሌቱ ውስጥ ያለው ነው። በዚህ መካከል ታብሌቱ ቢጠፋ፣ ቢሰበር ወይም ባልተገባ መንገድ ቢጸዳ መረጃውን ከሌላ ቦታ ማግኘት አይቻልም።

ማከማቻው እንዴት ይሞላል

ለመስክ ሥራ የሚገዙ ታብሌቶች ብዙውን ጊዜ ዋጋቸው መጠነኛ፣ ማከማቻቸውም አነስተኛ ነው። በማሸጊያው ካርቶን ላይ 16 ጊጋባይት የሚል ጽሑፍ የተቀመጠበት ታብሌት ይህ ሁሉ ቦታ ለተጠቃሚው የተተወ አይደለም። መሣሪያውን የሚያንቀሳቅሰው የአንድሮይድ ሥርዓትና አብረውት የሚመጡት ፕሮግራሞች ከዚህ ላይ ከፍተኛውን ድርሻ ይወስዳሉ።

ጉዳዩን በምሳሌ መመልከቱ ይጠቅማል። ከ16 ጊጋባይቱ 6ቱን ሥርዓቱ፣ 3ቱን መደበኛ ፕሮግራሞች ቢይዙ ለተጠቃሚው የሚተርፈው 7 ጊጋባይት ነው። እያንዳንዳቸው አንድ ተኩል ጊጋባይት የሚይዙ ሦስት ጨዋታዎች ቢጫኑ 4 ነጥብ 5 ጊጋባይት ይሄዳል። 2 ጊጋባይት ፊልምና ሙዚቃ ቢጨመርበት የሚቀረው ግማሽ ጊጋባይት ብቻ ይሆናል። አንድሮይድ ደግሞ የቀረው ቦታ ወደዚህ መጠን ሲወርድ ማስጠንቀቅ ይጀምራል።

በሌላ በኩል የሥራው መረጃ ምን ያህል ቦታ እንደሚይዝ ማስላት ይቻላል። ፎቶግራፍ የሌለው፣ በጽሑፍና በቁጥር ብቻ የተሞላ አንድ የቤተሰብ ቅጽ 10 ኪሎባይት ይይዛል ቢባል፣ አንድ ተኩል ጊጋባይት የያዘው አንድ ጨዋታ የ150 ሺህ ቅጾችን ቦታ ወስዷል ማለት ነው። ከዚህ መረዳት እንደሚቻለው በመስክ ታብሌት ላይ የቦታ እጥረት የሚከሰተው ሥራው ስለበዛ ሳይሆን ከሥራው ጋር ግንኙነት የሌለው ነገር ስለበዛ ነው።

ጨዋታዎች ቦታ የሚይዙት በሚጫኑበት ዕለት ብቻ አለመሆኑም ሊታወቅ ይገባል። ብዙዎቹ ሲጫኑ ትንሽ መስለው ይታዩና ለመጀመሪያ ጊዜ ሲከፈቱ ተጨማሪ ሥዕልና ድምፅ ከኢንተርኔት ያወርዳሉ። ከዚያም በየጊዜው ራሳቸውን ያድሳሉ፤ ማስታወቂያዎችንም እያወረዱ ያስቀምጣሉ። ይህ ሁሉ ከማከማቻው በተጨማሪ ለሥራ የተሞላውን የኢንተርኔት ጥቅልና የባትሪውን ኃይል ይጨርሳል። ኤሌክትሪክ በሚቆራረጥበት አካባቢ ለሚንቀሳቀስ ሠራተኛ የባትሪው ጉዳይ ቀላል አይደለም።

ማከማቻው ሲሞላ የሥራ ፕሮግራሙ የሚቸገረው አዲስ ቅጽ ለማስቀመጥ ብቻ አይደለም። መረጃን ወደ ማዕከል ለመላክም ሆነ ራሱን ወደ አዲስ እትም ለማሳደግ ጊዜያዊ የሥራ ቦታ ያስፈልገዋል። ቦታው ከሌለ መላኩም ሊስተጓጎል ይችላል። ስለሆነም መረጃው መውጣት ባለበት ሰዓት በመሣሪያው ውስጥ ታግቶ ይቀራል።

ጨዋታዎቹ ከየት ይመጣሉ

የጨዋታዎቹ ምንጭ በሦስት ሊከፈል ይችላል። የመጀመሪያው አምራቹ ራሱ ነው። አንዳንድ ታብሌቶች ከፋብሪካ ሲወጡ የሙከራ ጨዋታዎች ተጭነውባቸው ይመጣሉ። ሁለተኛው ፕሌይ ስቶር የተባለው የፕሮግራም ማውረጃ ነው። ሦስተኛውና በአገራችን በስፋት የሚሠራበት መንገድ ደግሞ ዜንደርንና ሼርኢትን በመሳሰሉ ፕሮግራሞች ያለ ኢንተርኔት ከመሣሪያ ወደ መሣሪያ መቀባበል ነው። በዚህ ሦስተኛ መንገድ የሚመጡ ፕሮግራሞች ምንጫቸው የማይታወቅ በመሆኑ ቦታ ከመያዛቸውም በላይ መረጃ የሚሰርቁ ወይም መሣሪያውን የሚያበላሹ ቫይረሶችን ይዘው የመግባት ዕድላቸው ሰፊ ነው።

ታብሌቱ ከሥራ ሰዓት በኋላ ወደ ቤት ሲገባ በልጆች እጅ መውደቁ የተለመደ ነው። ልጆች አዲስ መሣሪያን ፈጥነው የመልመድ ችሎታ እንዳላቸው በአገራችን የታየ ምሳሌ አለ። አንድ ላፕቶፕ ለአንድ ሕፃን በሚል መጠሪያ የሚታወቀው ዓለም አቀፍ ድርጅት እ.ኤ.አ. በ2012 በወንጪና በወለንጪቲ አካባቢ በሚገኙ ሁለት መንደሮች ማንበብና መጻፍ ላልተማሩ ልጆች ታብሌቶችን ያለ አስተማሪ ሰጥቶ ነበር። በታብሌቶቹ ውስጥ የፊደል መማሪያ ጨዋታዎች፣ መጻሕፍትና ፊልሞች ተጭነው ነበር። በጥቂት ወራት ውስጥ ልጆቹ መሣሪያዎቹን መክፈትና መጠቀም ብቻ ሳይሆን፣ ተዘግቶ የነበረውን ካሜራ እስከ ማስከፈት መድረሳቸውን የድርጅቱ መሥራች በወቅቱ ገልጸዋል።

ከዚህ ተሞክሮ ሁለት ቁምነገሮችን መውሰድ ይቻላል። አንደኛው ጨዋታ በራሱ ክፉ ነገር አለመሆኑ ነው፤ ለመማሪያነት በታሰበ መሣሪያ ላይ ጨዋታ ተገቢ ቦታ አለው። ሁለተኛው ደግሞ በመሣሪያ ላይ የሚደረግ ቀላል እገዳ የልጅን የማወቅ ጉጉት የማይገታ መሆኑ ነው። በመሆኑም የሕዝብ መረጃ የተሸከመን መሣሪያ ከልጆች እጅ ማራቅ ከማንኛውም የይለፍ ቃል የተሻለ ጥበቃ ነው።

ቅደም ተከተሉ፦ መላክ፣ ማረጋገጥ፣ ማጥፋት

ቦታ ሲጠብ ሠራተኛው ተጣድፎ ወደ ማጥፋት ይሄዳል። ትክክለኛው አካሄድ ግን ከመላክ ይጀምራል። ታብሌቱ ወደ ጽሕፈት ቤቱ ዋይፋይ ወይም ጥሩ ኔትወርክ ወዳለበት ቦታ ተወስዶ በሥራ ፕሮግራሙ ውስጥ ያልተላኩ ቅጾች በሙሉ መላክ አለባቸው።

ቀጥሎ የሚመጣው ማረጋገጥ ነው። የሥራ ፕሮግራሞች አብዛኛውን ጊዜ ያልተላኩ ቅጾችን ቁጥር ያሳያሉ። ይህ ቁጥር ዜሮ መሆኑን ማየት፣ ከተቻለም በተቆጣጣሪው ወይም በማዕከል በኩል የቅጾቹ ብዛት ከተላከው ጋር እኩል መሆኑን ማመሳከር ያስፈልጋል። «ልኬአለሁ» ማለትና «ደርሷል» ማለት የተለያዩ መሆናቸው መዘንጋት የለበትም።

ቦታው ፈጽሞ በመሙላቱ መላክ ካልተቻለ የሥራ ፕሮግራሙን ሳይነኩ በቅድሚያ አንድ ትልቅ ጨዋታ ወይም ፊልም ብቻ አጥፍቶ መተንፈሻ ማግኘት፣ ከዚያም መረጃውን መላክ ይመከራል። የቀረው ጽዳት ከዚህ በኋላ ይከናወናል።

የማጥፋቱ ሂደት

የቁልፎቹ ስያሜ እንደ ታብሌቱ ሥሪት በመጠኑ ቢለያይም በአንድሮይድ ታብሌቶች ላይ ያለው ሂደት በአጠቃላይ ተመሳሳይ ነው። በመጀመሪያ «ሴቲንግስ» ተከፍቶ «ስቶሬጅ» የሚለው ይመረጣል። ይህ ገጽ ቦታው በምን በምን እንደተያዘ ያሳያል። ከዚያ «አፕስ» በሚለው ክፍል የተጫኑት ፕሮግራሞች ዝርዝር ይወጣል፤ በብዙ ታብሌቶች ዝርዝሩን ከትልቁ ወደ ትንሹ መደርደር ይቻላል። ከሥራው ጋር የማይገናኘው ጨዋታ ስሙ ተነክቶ ሲከፈት «አንኢንስቶል» የሚል ቁልፍ ይታያል። ቁልፉ ተነክቶ ማረጋገጫ ሲሰጥ ጨዋታው ከነመረጃው ይወገዳል።

ከፋብሪካ አብረው የመጡ አንዳንድ ፕሮግራሞች «አንኢንስቶል» የሚል ቁልፍ አይኖራቸውም። በምትኩ «ዲሴብል» የሚል ይገኛል። ይህ ፕሮግራሙን ከሥራ የሚያግድ እንጂ ሙሉ በሙሉ የሚያስወግድ አይደለም። ሆኖም ፕሮግራሙ ራሱን እንዳያድስና ከጀርባ እንዳይሠራ ስለሚያደርገው የያዘው ቦታ እንዳያድግ ይረዳል።

ከመሣሪያ ወደ መሣሪያ በመቀባበል የመጡ ጨዋታዎች ሲጠፉ አንድ ተጨማሪ ጉዳይ አለ። ጨዋታው ቢወገድም የመጣበት የመጫኛ ፋይል በማውረጃው ወይም በመቀባበያው ፕሮግራም ማኅደር ውስጥ ሊቀር ይችላል። አጥፍተነዋል የተባለው ጨዋታ ቦታ ያልለቀቀበት ምክንያት ብዙ ጊዜ ይህ ነው። ስለዚህ «ፋይልስ» በሚለው ፕሮግራም ገብቶ እነዚህን የመጫኛ ፋይሎችም መሰረዝ ያስፈልጋል።

በማይታወቁ ስሞች የተመዘገቡ ፕሮግራሞችን በግምት ማጥፋት ግን አይገባም። ከእነዚህ መካከል የአማርኛ ወይም የሲዳምኛ ጽሑፍ የሚጻፍባቸው የፊደል ገበታዎች፣ የሥራ ፕሮግራሙ ተደግፎ የሚሠራባቸው አካላትና የሥርዓቱ ክፍሎች ሊኖሩ ይችላሉ። ጥርጣሬ ባለበት ጊዜ የመሥሪያ ቤቱን የመረጃ ቴክኖሎጂ ባለሙያ መጠየቅ ይቀላል።

ተመሳሳይ የሚመስሉ ግን የተለያዩ ትእዛዞች

በተግባር ብዙ ጉዳት የሚያደርሰው ተቀራራቢ ስም ያላቸውን ትእዛዞች ማምታታት ነው። «ክሊር ካሽ» የሚለው ፕሮግራሙ ለጊዜው ያስቀመጣቸውን፣ በኋላ መልሶ ሊያዘጋጃቸው የሚችላቸውን ፋይሎች ያጸዳል። በአግባቡ በተሠራ ፕሮግራም ላይ ይህ ዋናውን መረጃ አይነካም።

ከጎኑ የሚገኘው «ክሊር ዳታ» ወይም «ክሊር ስቶሬጅ» ግን ፈጽሞ የተለየ ነው። ይህ ትእዛዝ ፕሮግራሙን ዛሬ እንደተጫነ አዲስ ያደርገዋል። በሥራ ፕሮግራሙ ላይ ከተፈጸመ የተጠቃሚው ስምና የይለፍ ቃል፣ የተመዘገቡ ቤተሰቦች ዝርዝር፣ ያልተላኩ ቅጾችም ጭምር ይጠፋሉ። የሥራ ፕሮግራሙን «አንኢንስቶል» አድርጎ መልሶ መጫንም ውጤቱ ተመሳሳይ ነው። ፕሮግራሙ ይመለሳል፤ ያልተላከው መረጃ ግን አይመለስም።

ከሁሉም የከበደው «ፋክተሪ ሪሴት» የሚባለው ነው። ይህ በመሣሪያው ማከማቻ ያለውን ሁሉ ደምስሶ ከፋብሪካ እንደወጣ ያደርገዋል። ታብሌት ሲዘገይ ወይም ሲሞላ «ፎርማት ይደረግ» የሚለው የተለመደ ምክር የሚያመለክተው ይህንኑ ነው። በዘመናዊ ታብሌቶች ላይ መረጃው ተመስጥሮ ስለሚቀመጥ ከእንዲህ ዓይነቱ ድምሰሳ በኋላ በባለሙያም ቢሆን መልሶ ማግኘት በአብዛኛው አይቻልም። ስለሆነም ይህ እርምጃ በሠራተኛው ብቻ ውሳኔ ሳይሆን በኃላፊ ፈቃድና በጽሑፍ ሊፈጸም ይገባል።

በቅርብ ዓመታት በወጡ የአንድሮይድ እትሞች «አርካይቭ» የሚባል አማራጭም ተጨምሯል። እ.ኤ.አ. በ2023 በፕሌይ ስቶር በኩል ሥራ ላይ የዋለው ይህ አማራጭ ብዙም የማይከፈቱ ፕሮግራሞችን አካል አውጥቶ የተጠቃሚውን መረጃ ብቻ ያስቀራል። ፕሮግራሙን እንደገና ለማምጣት ኢንተርኔት የሚያስፈልግ በመሆኑ ኔትወርክ በማይገኝበት አካባቢ ለሚሠራባቸው የሥራ ፕሮግራሞች ይህን አማራጭ ዝግ ማድረጉ ተገቢ ነው።

ከጨዋታ ውጪ ያሉ ቦታ ፈጂዎች

ጨዋታዎቹ ተወግደውም ቦታው በበቂ ሁኔታ ካልተለቀቀ መታየት ያለበት ቀጣዩ ጉዳይ ቴሌግራም ነው። በብዙ መሥሪያ ቤቶች የሥራ ቡድኖች በዚሁ የሚገናኙ ሲሆን፣ በቡድኖቹ የሚተላለፉ ፎቶግራፎች፣ ቪዲዮዎችና ሰነዶች በታብሌቱ ላይ በራሳቸው ይወርዳሉ። የቴሌግራም መደበኛ መልእክቶች በድርጅቱ ማዕከል ስለሚቀመጡ፣ በፕሮግራሙ ውስጥ ባለው የማከማቻ ማስተካከያ ካሹን ማጽዳት ይቻላል፤ ተፈላጊው ፋይል በኋላ እንደገና ይወርዳል። ፋይሎች በራሳቸው እንዳይወርዱ የሚያደርገውን ማስተካከያ መዝጋትም ችግሩ እንዳይደገም ይረዳል።

ለሥራ የተነሱ ፎቶግራፎችን በተመለከተ ጥንቃቄው ከፍ ያለ መሆን አለበት። ፎቶግራፎቹ ከቅጹ ጋር መላካቸው ሳይረጋገጥ ከሥዕል ማኅደሩ መሰረዝ የለባቸውም። ታብሌቱ የሚሞሪ ካርድ ማስገቢያ ካለው የሥልጠና ሰነዶችንና ቪዲዮዎችን ወደ ካርዱ ማዛወር ይቻላል። የግለሰቦች ስም፣ አድራሻና የጤና ሁኔታ ያለበትን መረጃ ግን በቀላሉ ወጥቶ በሚጠፋ ካርድ ላይ ማስቀመጥ አይመከርም። በ2016 ዓ.ም. የወጣው የግል ዳታ ጥበቃ አዋጅ ቁጥር 1321/2016 የግለሰቦችን መረጃ የሚይዙ አካላት መረጃውን በጥንቃቄ የመጠበቅ ኃላፊነት እንዳለባቸው ደንግጓል።

የኃላፊዎች ድርሻ

ችግሩን በሠራተኛው ጥንቃቄ ብቻ መፍታት አይቻልም። ጨዋታው ከገባ በኋላ ከማስወገድ ይልቅ እንዳይገባ ማድረግ የሚቻለው በመሥሪያ ቤቱ ደረጃ በሚዘረጋ አሠራር ነው።

በመጀመሪያ ታብሌቶች ለሠራተኞች ከመከፋፈላቸው በፊት ከፋብሪካ የመጡ ጨዋታዎችን ማስወገድ፣ ከማይታወቅ ምንጭ ፕሮግራም መጫንን የሚፈቅደውን ማስተካከያ መዝጋትና ፕሌይ ስቶርን በይለፍ ቃል መገደብ ያስፈልጋል። የታብሌቶቹ ቁጥር ብዙ ከሆነ መሣሪያዎቹን ሁሉ ከአንድ ማዕከል ለማስተዳደር የሚያስችሉ ፕሮግራሞች አሉ። በእነዚህ አማካይነት የተፈቀዱ ፕሮግራሞች ብቻ እንዲከፈቱ ማድረግ፣ የጠፋ ታብሌትንም ከርቀት መቆለፍ ይቻላል።

በሁለተኛ ደረጃ የርክክብ ሥርዓቱ ሊታሰብበት ይገባል። ታብሌት ከአንድ ሠራተኛ ወደ ሌላው ሲተላለፍ የሚፈረመው ቅጽ ብዙ ጊዜ የመሣሪያውን ቁጥር፣ ቻርጀሩንና መሸፈኛውን ይዘረዝራል። በቅጹ ላይ «ያልተላከ መረጃ የለም» የሚል አንድ መስመር መጨመር ወጪ የማይጠይቅ፣ ጥቅሙ ግን ከፍተኛ የሆነ እርምጃ ነው።

በርክክብ ጊዜ የሚያጋጥም ሌላ ችግርም አለ። እ.ኤ.አ. ከ2015 ወዲህ በወጡ አብዛኞቹ የአንድሮይድ ታብሌቶች ላይ የቀድሞው ተጠቃሚ የጉግል አካውንት ሳይወጣ መሣሪያው በቁልፎቹ አማካይነት ወደ ፋብሪካ ይዞታው ቢመለስ፣ እንደገና ሲከፈት የዚያኑ ሰው አካውንትና የይለፍ ቃል ይጠይቃል። ይህ የተደረገው የተሰረቀ ዕቃ ለሌባው እንዳይጠቅም ነው። ሠራተኛው መሥሪያ ቤቱን ለቆ በሄደበት ሁኔታ ግን ደኅና የነበረው የመንግሥት ንብረት ከመደርደሪያ ላይ ተቆልፎ ይቀራል። ስለዚህ አካውንቱን ከ«ሴቲንግስ» ማስወጣት ከመሰናበቻው ክሊራንስ በፊት ሊፈጸም ይገባል። ከዚህም የተሻለው በታብሌቱ ላይ የግል ሳይሆን የመሥሪያ ቤቱን አካውንት መጠቀም ነው።

በሦስተኛ ደረጃ ጽዳቱ ቋሚ ቀን ሊኖረው ይገባል። በየሳምንቱ መጨረሻ ወይም ሪፖርት በሚቀርብበት ቀን መረጃው መላኩን፣ ቀሪው የማከማቻ ቦታ ምን ያህል እንደሆነና አዲስ የገባ ፕሮግራም መኖር አለመኖሩን ማየት የጥቂት ደቂቃ ሥራ ነው። ይህ በሚደረግበት መሥሪያ ቤት «የማከማቻ ቦታ ሞልቷል» የሚለው ማሳሰቢያ በመስክ ላይ ድንገት አይመጣም።

ሠራተኛው ጨዋታ በታብሌቱ ላይ በመገኘቱ ብቻ እንዳይሸማቀቅ ማድረግም የኃላፊው ተግባር ነው። ቅጣት የሚፈራ ሠራተኛ ታብሌቱ ከመመርመሩ በፊት ሁሉንም በጥድፊያ ለመደምሰስ ይገፋፋል፤ የሕዝብ መረጃ በብዛት ለአደጋ የሚጋለጠውም በእንዲህ ያለው ጥድፊያ ነው። ችግሩን ሳይፈራ የሚያሳውቅ ሠራተኛ ግን መረጃውን ለማዳን ጊዜ ይሰጣል።

በታቦር ክፍለ ከተማም ይሁን በሌላ የአገሪቱ ክፍል በሯን ከፍታ የልጆቿን ዕድሜና የክትባት ታሪክ የምትናገር እናት መልሷ በመሣሪያው ውስጥ የት ቦታ እንደሚቀመጥ አታውቅም፤ እንድታውቅም አይጠበቅባትም። ያንን ማወቅ ታብሌቱን የያዘው ሠራተኛና መሣሪያውን የሰጠው መሥሪያ ቤት ኃላፊነት ነው። ጨዋታው ዛሬ ቢጠፋ ነገ ሊጫን ይችላል። ሳይላክ የጠፋ የእናቲቱ መልስ ግን የሚገኘው ያንኑ በር ዳግመኛ በማንኳኳት ብቻ ነው።